የእኔን ሪሞት ስጫን የጎረቤቴም በር ተከፈተ፤ 8 ማንሸራተቻ ስንት ኮድ ነው የሚሰጠው?

ጡረተኛው ሒሳብ ሹም

ጤና ይስጥልኝ። ጥያቄዬ ረዘም ያለ ነው፣ ታገሱኝ።

የምኖረው ሰሚት ነው። አምና የግቢዬን በር ሞተር አስገጠምኩለት፤ ከመኪና እየወረድኩ በር መክፈት ጉልበቴ እምቢ ቢለኝ። ሞተሩ ደህና ነው፣ ክፉ አይወጣኝም። ባለፈው ግን ከቤተ ክርስቲያን ስመለስ እንደ ልማዴ መታጠፊያው ላይ ሆኜ ሪሞቱን ተጫንኩ። የእኔ በር ተከፈተ። የፊት ለፊት ጎረቤቴም በር አብሮ ተከፈተ። የእሳቸው ሞተር ከተገጠመ ገና ሳምንት አልሞላውም። ለበዓል የገዙት በግ ይህችን ቀን ሲጠብቅ እንደከረመ ሁሉ ሮጦ ወጣ። እኔ በ71 ዓመቴ፣ ዘበኛቸው በነጠላ ጫማ፣ በግ ስናሳድድ አስፋልት ደረስን። ተይዟል፣ አምላክ ይመስገን። ሴትዮዋ “ሆን ብለው ነው” አላሉኝም፤ አስተያየታቸው ግን እንደዚያ ነበር።

ቤት ገብቼ ሪሞቱን በቢላ ጫፍ ፈለቀቅኩት። ከባትሪው ጎን ቀይ ነገር አለ፤ በላዩ የሩዝ ፍሬ የሚያህሉ 8 ነጫጭ ማንሸራተቻዎች ተደርድረዋል፣ ከ1 እስከ 8 ቁጥር አላቸው። እያንዳንዱ ወይ ላይ ነው ወይ ታች፤ መሐል ላይ አይቆምም። ኮዱ እሱ ነው አለችኝ የልጅ ልጄ።

እንግዲህ እኔ አርባ ዓመት ሒሳብ መዝገብ ላይ አጎንብሼ የኖርኩ ሰው ነኝ። 8 ማንሸራተቻ፣ ለእያንዳንዱ 2 አቋም፣ 8 ጊዜ 2፣ 16 ኮድ አልኩ። በእኛ መንገድ ሪሞት ያለው ቤት ቆጥሬ 14 ሆኗል። 16 ኮድ ለ14 ቤት ጠበብ ይላል እንጂ ይበቃል። ልጅቷ (11ኛ ክፍል ናት) ሳቀችብኝና “አባባ፣ 256 ነው” አለች። ለምን ስላት “ሁለት ፓወር ስምንት ነዋ!” ብላ ወደ ስልኳ ተመለሰች።

ጥያቄዬ ሁለት ነው። አንደኛ፣ 16 ነው 256? ሁለተኛ፣ 256 ከሆነማ ነገሩ ይባስ ግራ ነው፤ ይህን ያህል ኮድ እያለ ከ14 ቤት ውስጥ የእኔና የፊት ለፊቴ እንዴት ገጠመ? በቁጥር አስረዱኝ። “ፓወር ነው” ብቻ የሚለኝ ሰው ቤቴም አለኝ።

ኪያ ከጅማ

2 ፓወር 8 = 256። ልጅቷ ልክ ናት ጋሼ። (ይቅርታ፣ ሌላ የምለው የለኝም። በጉ ግን ገድሎኛል።)

መምህር 9ኛ ቢ

ጋሼ፣ እኔ ሒሳብ አስተምራለሁ፤ የእርስዎ 16 ክፍሌ ውስጥ በየዓመቱ ይመጣል፣ ስለዚህ እንዳይከፋዎት። ዝም ብሎ ስሕተትም አይደለም፣ የሌላ ጥያቄ መልስ ነው። 8 ጊዜ 2 ሲሉ የቆጠሩት አቋሞችን ነው፦ የአንደኛው ላይ፣ የአንደኛው ታች፣ የሁለተኛው ላይ፣ የሁለተኛው ታች እያሉ ሲሄዱ 16 ነገር ይሞላል። ሪሞቱ ግን አንዱን ማንሸራተቻ ለብቻው አይልክም። ስምንቱን በተራ አሰልፎ እንደ አንድ ቃል ነው የሚልከው። መቆጠር ያለበት ቃሉ ነው።

ታችን 0፣ ላይን 1 እንበል። ማንሸራተቻው አንድ ብቻ ቢሆን ሁለት ቃል አለን፦ 0 እና 1። ሁለተኛውን ሲጨምሩ የድሮዎቹ ሁለት ቃላት እያንዳንዳቸው አንዴ 0 አንዴ 1 ያስከትላሉ፦ 00፣ 01፣ 10፣ 11። አራት ሆኑ። ሦስተኛው ሲመጣ አራቱም እንዲሁ ይሆናሉ፦ 000፣ 001፣ 010፣ 011፣ 100፣ 101፣ 110፣ 111። ስምንት። ይህን ስምንቱን በእጅዎ አንዴ ወረቀት ላይ ይጻፉት፤ ከዚያ በኋላ ማንም ሊያስረዳዎት አያስፈልግም። አዲስ የመጣ ማንሸራተቻ በነበረው ላይ 2 አይደምርም፣ የነበረውን ሁሉ ያጥፈዋል። አራተኛው ላይ 16 እንሆናለን (የእርስዎ 16 እዚህ ነው ያለው፣ ገና ግማሽ መንገድ ላይ)፣ አምስተኛው 32፣ ስድስተኛው 64፣ ሰባተኛው 128፣ ስምንተኛው 256።

ለእርስዎ ሙያ የሚቀርበው ግን ይኼኛው ይመስለኛል። እርስዎ ያሰሉት እንደ ነጠላ ወለድ ነው፤ በየተራው ያው 2 እየተጨመረ። ነገሩ የወለድ ወለድ ነው። 1 ብር በዓመት 100 ከመቶ ወለድ ቢቀመጥ፣ ወለዱም ዋናው ላይ እየተደመረ 8 ዓመት ቢቆይ 256 ብር ይሆናል። እንዲህ ያለ ባንክ ቢገኝ እኔም አስተማሪ ሆኜ አልቀርም ነበር።

ሁለተኛው ጥያቄዎ የበለጠ ያስደስታል። ቤቶቹ ሁሉ ኮዳቸውን ዕጣ አውጥተው ቢይዙ ብለን እናስብ። የእርስዎ ኮድ ከሌሎቹ 13 ቤቶች ከአንዱ ጋር የመግጠሙ ዕድል ከመቶ 5 ገደማ ነው። ትንሽ ነው። “በመንገዱ ላይ የትኞቹም ሁለት ቤቶች ይግጠሙ” ብንል ግን ሌላ ጥያቄ ሆነ፤ ምክንያቱም ከ14 ቤት 91 ጥንድ ይወጣል (14 ጊዜ 13 ለ2 ሲካፈል)። ሁለተኛው ቤት አንደኛውን የሚሸሽበት 255 ኮድ አለው፣ ሦስተኛው ሁለቱን የሚሸሽበት 254፣ እንዲህ እያለ ዐሥራ አራተኛው 243 ይቀረዋል። እያንዳንዱን ለ256 አካፍለው ሁሉንም ቢያባዟቸው 0.70 አካባቢ ያገኛሉ። ስለዚህ የሆኑ ሁለት ቤቶች የመግጠማቸው ዕድል ከመቶ 30 ነው። ቤቶቹ 20 ቢደርሱ ከግማሽ ያልፋል። እና ጋሼ፣ ሞተሩን የገጠመውን ሰው ከመውቀስዎ በፊት ይህን ያስቡበት፤ የዕጣ ነገርም ሊሆን ይችላል።

ሶልደሩ

መምህር፣ ስሌትህ አንጀት ያርሳል። ግን ገጣሚ ዕጣ አያወጣም ወንድሜ!

እኔ ሥራዬ ይኸው ነው፣ በር ሞተርና ካሜራ። ጋሼ፣ ልንገርዎት፤ ከፍቼ ካየኋቸው ሪሞቶች ብዙዎቹ ወይ ስምንቱም ታች ናቸው፣ ከፋብሪካ እንደወጡ፣ ወይ ደግሞ ገጣሚው እንዳይረሳው አንድ የለመደው አሰላለፍ አለው፣ የሄደበት ሁሉ እሱኑ ይደግመዋል። ለምን? ነገ ሪሞት ጠፋብኝ ብለው ሲደውሉለት ቤትዎ ሳይመጣ አዲስ አዘጋጅቶ ይሸጥልዎታላ። እኔም ስጀምር እንደዚያ ነበርኩ፣ አልዋሽም።

መላው ቀላል ነው። ሞተሩ ሽፋን ውስጥ ቦርዱ ላይ ከሪሞትዎ ጋር አንድ ዓይነት ባለ 8 ማንሸራተቻ አለ። ሁለቱ ሲመሳሰሉ በሩ ይሰማል፣ አንዷ እንኳ ከተለየች ዝም ይላል። መጀመሪያ መብራቱን ከብሬከሩ ያጥፉ፣ ሽፋኑን ይክፈቱ፣ አሰላለፉን ይቀይሩ፣ ከዚያ ሪሞቶቹን ሁሉ እንደዚያው ያድርጉ። ሁሉንም ነው ያልኩት። አንዴ አንድ ሰውዬ የራሱን ቀይሮ የሚስቱን ረስቶ ሴትዮዋን በዝናብ ደጅ አሳደራት ልልዎት ምንም አልቀረኝም።

አንድ ነገር ግን ለመምህር። ማንሸራተቻው ሁልጊዜ ሁለት አቋም ነው ብለህ አትማል። ፒቲ 2262 የሚባል በርካሽ ሪሞቶች ውስጥ የተለመደ ቺፕ አለ፤ እሱ ሦስት ነገር ነው የሚለየው፦ ከፖዘቲቭ የተገናኘ፣ ከኔጌቲቭ የተገናኘ፣ ከምንም ያልተገናኘ። አንዳንዱ ሪሞት ማንሸራተቻው መሐልም ላይ ይቆማል፤ አንዳንዱ ላይ ደግሞ በሶልደር ነው የሚነካካው። እዚያ ላይ 2 ሳይሆን 3 ነው በራሱ የሚባዛው፣ ያው 8 ቦታ 6,561 ኮድ ይሰጣል። የቺፑ 12 እግር በሙሉ ለኮድ ከዋለ 531,441። የጋሼ መሐል አይቆምም ስላሉ 256 ላይ ነው የሚቀሩት።

ጸሐፊዋ

ከርዕሱ ወጣ ልበል? ይቺ 256 እኔን በሌላ መንገድ አሠቃይታኛለች። የዛሬ ስንት ዓመት ቢሮ ውስጥ አማርኛ ስጽፍ አንዱ ፕሮግራም ላይ የጻፍኩት ሌላው ላይ ሲከፈት ትርጉም የለሽ ምልክት ይሆን ነበር። ምክንያቱን ያወቅኩት በኋላ ነው። ኮምፒውተሩ ለአንድ ፊደል የሚሰጠው 8 ቢት ነበር፣ የጋሼ 8 ማንሸራተቻ ማለት ነው፣ 256 ቦታ። ፊደላችን 33 ጊዜ 7፣ 231። የገባ መሰላችሁ? እነ ቈ፣ ኰ፣ ጐ እና ኈ ከነቤተሰቦቻቸው 20 ናቸው፣ 251። ከዚያ ሏ፣ ሟ፣ ሯ እያለ ይቀጥላል፣ የግእዝ ቁጥሮች 20 ናቸው፣ ነጥቦቹ አሉ፣ እንግሊዝኛውስ የት ይግባ? ስለዚህ ፊደል የሠራ ሁሉ በራሱ መላ አጨናንቆ ያስቀምጠው ነበር፣ የአንዱ ከሌላው አይገጥምም። ዩኒኮድ፣ ለዓለም ፊደላት ሁሉ አንድ ወጥ ቁጥር የሚሰጠው ሥርዓት፣ በ1999 ሦስተኛው እትሙ ላይ ለፊደላችን 384 ቦታ ሰጠ። 384 በ8 ቢት አይገባም፣ 9 ቢት ያስፈልገዋል፣ 512 ስለሆነ።

የስልክ መልእክትም እንደዚሁ ነው። አንድ መልእክት 140 ባይት ነው፣ 1,120 ቢት። እንግሊዝኛው ለአንድ ፊደል 7 ቢት ይበቃዋል፣ 160 ፊደል ይገባል። አማርኛው 16 ቢት ይወስዳል፣ 70 ላይ ይሞላል። ለእናቴ “እንደምን አደርሽ” ብዬ ስጀምር ነው የሚያልቀው።

ኪያ ከጅማ

ቆይ መምህር፣ 256 ካልን ትልቁ ኮድ ለምን 255 ይባላል? ስልኬ ላይ ያለው ካልኩሌተር 11111111ን 255 ነው የሚለኝ።

መምህር 9ኛ ቢ

0ም አንድ ቃል ስለሆነ። ስምንቱም ታች ሲሆኑ 0 ነው፤ ከ0 እስከ 255 ስትቆጥር 256 ነገር ቆጠርክ። ቦታዎቹ ከግራ ወደ ቀኝ 128፣ 64፣ 32፣ 16፣ 8፣ 4፣ 2፣ 1 ናቸው፤ ላይ የሆነውን ብቻ ደምር። ለምሳሌ 10110010 ማለት 128 እና 32 እና 16 እና 2፣ 178 ነው።

ሶልደሩ፣ ስለ ሦስት አቋሙ አመሰግናለሁ፣ አላውቅም ነበር። ለፈተና አወጣዋለሁ።

ጡረተኛው ሒሳብ ሹም

ሁላችሁንም እግዚአብሔር ይስጥልኝ። መምህር፣ የወለድ ወለዱ ገባኝ። ስምንቱን ቃላት እንዳሉት በእጄ ጻፍኳቸው፤ የልጅ ልጄን ጠርቼ “ፓወር ማለት ይኼ ነው” ብዬ አስተማርኳት፣ አሁን እሷ ናት የተናደደችው።

ግን በቃል አላምንም፣ ሰነድ ነው የምፈልገው። ወረቀት አስምሬ፣ ለላይ ዴቢት ለታች ክሬዲት ብዬ፣ ቤት ለቤት ዞርኩ። ከ14ቱ 9 ሪሞታቸውን አስከፈቱኝ። ሦስቱ አልነበሩም፣ ሁለቱ “የደኅንነት ጉዳይ ነው” ብለው መለሱኝ፤ ልክ ናቸው፣ እኔም ብሆን አላስከፍትም። ውጤቱ እንዲህ ነው፦ እኔና የፊት ለፊቴ ጨምሮ 4 ቤት 11110000። 3 ቤት ሁሉም ታች። 1 ቤት ሁሉም ላይ። አንድ ብቻ፣ መሐንዲስ ልጅ ያላቸው ቤት፣ 01100101። እንግዲህ 256 ኮድ በእጃችን እያለ ዘጠኝ ቤት የሚኖረው በ4 ኮድ ነው! የመጀመሪያዎቹን አራት ቤቶች ማን ገጠመላችሁ ብዬ ጠየቅኩ፤ አንድ ሰው ነው።

እና መምህር፣ የእርስዎን ከመቶ 30 አከብራለሁ፣ ግን ዕጣ አልወጣም። ሶልደሩ ልክ ነው።

አንድ ያልገባኝ፦ አራት ቤት አንድ ዓይነት ከሆነ ሌሎቹ ሁለቱ በር ለምን አልተከፈተም?

ሶልደሩ

ርቀት ይሆናላ። ርካሽ ሪሞት ግድግዳ ካጋጠመው ብዙ አይሄድም። ወይም ሞተራቸው ሌላ ዓይነት ነው፤ የማንሸራተቻው አሰላለፍ ቢመሳሰልም ፍሪኩዌንሲው (የሚላኩበት የሬዲዮ ሞገድ) ከተለየ፣ አንዱ 433 ሌላው 315 ሜጋኸርዝ ከሆነ፣ አይሰማሙም። አንድ ቀን ደጃቸው ላይ ቆመው ይሞክሩት። ወይም ይቅርብዎ፣ ሌላ በግ ይወጣል።

እዚህ ላይ አንድ ልጨምር፣ ምክንያቱም 256 ሲባል ሰው ብዙ ይመስለዋል። ለጎረቤት ብዙ ነው፣ ለሌባ ግን ምንም ማለት አይደለም። አንድ ማሽን ለአንድ ኮድ የሰከንድ አንድ ዐሥረኛ ቢወስድበት 256ቱን ሁሉ በ26 ሰከንድ ይጨርሳል። ማንሸራተቻ የሌላቸው፣ ኮዳቸው ከፋብሪካ የተጻፈባቸው አሉ፣ ኢቪ 1527 የሚባለው ቺፕ ያለባቸው፤ እነሱ 20 ቢት ናቸው፣ 1,048,576 ኮድ። በዚያው ፍጥነት 29 ሰዓት ይፈጃል። ግን እነሱም ቢሆኑ በተጫኑ ቁጥር ያንኑ ኮድ ነው የሚልኩት፣ አጠገብ ሆኖ የቀዳ ሰው መልሶ ሊያጫውተው ይችላል። ሮሊንግ ኮድ የሚባለው በተጫኑ ቁጥር ይለዋወጣል፣ ያለፈውን ሞተሩ አይቀበልም። የተለመደው ዓይነት የሚለዋወጠው ክፍል 32 ቢት ነው።

መምህር 9ኛ ቢ

32 ቢት 4,294,967,296 ነው። በሶልደሩ ፍጥነት አንድ በአንድ ከተሞከረ 13 ዓመት ከመንፈቅ ይወስዳል። 8 ቢት 26 ሰከንድ፣ 32 ቢት 13 ዓመት ከመንፈቅ። ቢቱ የጨመረው 4 እጥፍ ብቻ ነው ጋሼ!

ጡረተኛው ሒሳብ ሹም

ይህን ሳነብ ቁጭ አልኩ። ሮሊንጉን ልጄ ሲመጣ አስገዛዋለሁ፤ እስከዚያው ግን ባለኝ 256 ልጠቀም ብዬ ዛሬ ጠዋት ብሬከሩን አጥፍቼ፣ የልጅ ልጄ ባትሪ እያበራችልኝ፣ ቀየርኩት። ምን ላድርገው ስላት “ዕድሜህን አድርገው” አለች። 71 በእናንተ አጻጻፍ 01000111 ነው፦ 64 እና 4 እና 2 እና 1። ሦስቱንም ሪሞት አስተካከልኩ። ከዚያ ሴትዮዋን ጠርቼ ደጃቸው ላይ ቆመን ተጫንኩ። የእኔ ብቻ ተከፈተ። ቡና ጠጡ ብለውኛል፣ ታርቀናል።

ጸሐፊዋ

ጋሼ!! ኮድዎን ጻፉት እኮ። ሰፈርዎንም ከላይ ጽፈዋል።

ጡረተኛው ሒሳብ ሹም

ልክ ነሽ ልጄ። አንብቤ እንደጨረስኩ ወርጄ ቀይሬዋለሁ፤ ይኼኛውን ለልጅ ልጄም አልነገርኳትም። ሌባው 240ን (የድሮውን 11110000) እና 71ን ይሰርዝና ከቀሩት 254 ይፈልግ።